ደረት ላይ የታሰረውና እግር ላይ የታሰረው

ይህን ስጽፍ ሁለት ዓይነት ሰዎች በሐሳቤ ይመላለሳሉ። አንደኛዋ «ሆልተር (የልብ ምት መመዝገቢያ) ይታሰርላት» የሚል ወረቀት ተቀብላ፣ ምን እንደሆነ ሳይገባት ከሐኪም ክፍል የወጣች አስታማሚ ናት። ሁለተኛው አሜሪካ የገባው ልጁ እግሩ ላይ መቆጣጠሪያ እንደታሰረበት ሰምቶ እንቅልፍ ያጣ አባት ነው። በእኛ ቤት ሁለቱም በአንድ ወቅት ደረሱ፤ እናቴ ደረቷ ላይ፣ ታናሽ ወንድሜ ቁርጭምጭሚቱ ላይ። እኔ ደብረ ማርቆስ የምኖር መምህርት ነኝ እንጂ የሕክምናም የሕግም ባለሙያ አይደለሁም። የምጽፈው በዓይኔ ያየሁትንና ባለሙያዎቹን እያስቸገርኩ የተረዳሁትን ነው።

ሌላውን ሁሉ ብትረሱት እንኳ ይህን ያዙልኝ። እንዲህ ያለ መሣሪያ ለእናንተም ሆነ ለዘመዳችሁ ሊታሰር ሲል፣ የሚመዘግበውን ማን እንደሚያየው፣ ሲጮህ ወይም ዝም ሲል ማን ምን እንደሚያደርግ፣ መቼና በማን ፈቃድ እንደሚፈታ ሳትጠይቁ ከዚያ ክፍል አትውጡ። እነዚህን ጥያቄዎች የጠየቅንበት ቦታ ሁሉ ጠቅሞናል፤ መልስ ያጣንበት ቦታ ሁሉ ደግሞ አንገላቶናል።

እናቴ የምትኖረው ከማርቆስ ወደ ደጀን በሚወስደው መንገድ፣ ሉማሜ አካባቢ ነው። ጉልበተኛ ሴት ናት። ድንገት መውደቅ ጀመረች። ስትወድቅ አትንፈራገጥም፣ አረፋ አትደፍቅም፤ ፊቷ ይገረጣል፣ ክንብል ትላለች፣ ጥቂት ቆይታ ደግሞ ዓይኗን ገልጣ «ምን ሆኜ ነው?» ትላለች። አንዱ የሚጥል በሽታ ነው አለ፣ ሌላው ዓይነ ጥላ ነው አለ፣ ጾም አብዝታ ነው ያለም አልጠፋ። ጠበል ገባች። ጠበሉን አልነቅፍም፤ እኔም የምጠመቅ ሰው ነኝ። ነገር ግን አንድ ቀን ቡና እየቆላች ምድጃው አጠገብ ወድቃ እጇ ሲቃጠል፣ ጠበሉም ሕክምናውም ጎን ለጎን ይሂዱ ብለን ሆስፒታል ወሰድናት።

ኢሲጂ፣ ማለትም የልብ ኤሌክትሪክ ምርመራ፣ ተነሣች፤ ደህና ነው ተባለ። እኛ እፎይ ስንል ሐኪሙ ግን አላረፈም። ወረቀቱን ጠረጴዛው ላይ ዘርግቶ፣ «ይህ የያዘው አሥር ሰከንድ ያህል ነው። በዚህ አሥር ሰከንድ ልባቸው ደህና ናት። የቀረውን ቀንና ሌሊት ግን አላየሁትም» አለን። ብዙ ሰው እዚህ ላይ ነው የሚሳሳተው። ኢሲጂ ንጹሕ ሆነ ማለት ልብ ሁልጊዜ ንጹሕ ናት ማለት አይደለም። ራስን የሚያስት የልብ ምት መዛባት መጥቶ የሚሄድ ነገር ነው፤ ሐኪም ፊት ሲቀርቡ ላይኖር ይችላል። ለዚህ ነው 24 ወይም 48 ሰዓት ሰውነት ላይ ውሎ እያንዳንዱን የልብ ምት የሚመዘግበው ሆልተር የሚታዘዘው።

መሣሪያው የሚገኝበትን ቦታ አፈላልገን አባይን ተሻግረን አዲስ አበባ ሄድን። መሣሪያውን የሚያስረው ባለሙያ ወጣት ነበር። የእናቴን ደረት በአልኮል ጠረገ፣ ቆዳውን በሻካራ ነገር ፈተግ ፈተግ አደረገና የሚጣበቁትን ክብ ክብ ነገሮች አንድ በአንድ ለጠፈ። ከእያንዳንዱ ቀጭን ሽቦ ይወጣል፤ ሽቦዎቹ በመዳፍ የምትያዝ ትንሽ ሣጥን ላይ ይገናኛሉ፤ ሣጥኗ በቀበቶ ወገብ ላይ ትውላለች። አያምም። እናቴን ያስጨነቃት ሌላ ነገር ነው። ማተቧን በእጇ ጨብጣ፣ «ይህን ከምትበጥስብኝ ብሞት ይሻለኛል» አለችው። ልጁ ፈገግ ብሎ፣ «እማማ፣ ማን ይበጥሳል፤ መስቀሉን ብቻ ወደ ጀርባዎ አዙሩልኝ» አላት። እንደዚህ ያለ ትንሽ ቃል እናቶቻችንን ስንት ፍርሃት ያድናቸዋል። እናንተም አስቀድማችሁ ንገሩላቸው፤ የክር ማተብ ለሆልተር እንቅፋት አይሆንም።

ውኃ ግን አይነካውም። መታጠብ የለም፤ ጠበልም እስኪፈታ ይቆያል። እናቴ በየማለዳው የምትጠመቅ ስለሆነች ይህ ከበዳት፤ በመጨረሻ የተከለከለው መጠመቅ እንጂ መጠጣት አይደለም ስንላት ተስማማች።

ከዚያ ሌላ ችግር መጣ። መሣሪያው እንዳይበላሽ ፈርታ ሶፋ ላይ ቁጭ አለች፣ አትነቃነቅም። ይህ ምርመራውን ከንቱ ያደርገዋል። ሆልተር የሚታሰረው ሰው የለመደውን ሁሉ እየሠራ ልቡ ምን እንደምትሆን ለማየት ነው። ደረጃ ትውጣ፣ ቡና ትቁላ፣ ስግደቷን ትስገድ፣ ትተኛ። ባለሙያው በስልክ ይህን ራሱ ሲነግራት ነው የተነሣችው። በሽተኛውን ከአልጋ ላይ አስተኝታችሁ የምትመልሱ ከሆነ ገንዘባችሁንና መንገዳችሁን አባከናችሁ።

ከመሣሪያው ጋር የሚሰጥ ወረቀት አለ። የሆነ ስሜት ሲሰማት ሰዓቱንና ምን ስታደርግ እንደነበር የምትጽፍበት ነው። እናቴ ስለማትጽፍ የእህቴ ልጅ አጠገቧ እየዋለ ይጽፍላት ነበር። በዚህች ወረቀት ላይ ለጎጃም ሰው፣ እንዲያውም ለኢትዮጵያዊ ሁሉ፣ አንድ ትልቅ ምክር አለኝ። መሣሪያው የሚሠራው በፈረንጅ ሰዓት ነው፤ እኛ የምንጽፈው በሐበሻ ሰዓት። ልጁ «10 ሰዓት ከሩብ፣ ዕቃ ስታጥብ ራሷን አዞራት» ብሎ ጽፏል። ሐኪሟ ኮምፒውተሩ ላይ 10፡15ን ስታይ ምንም የለም። ቀና ብላ «ይህ በእኛ ሰዓት ነው?» ብላ ጠየቀችን። አዎ ስንላት ወደ 16፡15 ሄደች። እዚያ ላይ ልቧ ከ3 ሰከንድ በላይ ቀጥ ብላ ቆማ ነበር። ሌሊት ተኝታ ሳለችም ተመሳሳይ ነገር ተገኘ። የስድስት ሰዓቱን ልዩነት ያልጠየቀ ሐኪም ቢሆን ኖሮ ስሜቷና ምዝገባው አይገጥሙም ተብሎ ነገሩ ሊድበሰበስ ይችል ነበር። ስለዚህ ወረቀቱ አናት ላይ በትልቁ «በኢትዮጵያ ሰዓት» ብላችሁ ጻፉ፤ ጠዋት፣ ከሰዓት፣ ሌሊት የሚለውንም ጨምሩ።

እናቴ በዚያች ሣጥን ስታጉረመርም ሣጥኗን የፈጠረውን ሰው ታሪክ አነበብኩላት። ኖርማን ሆልተር የሚባል የአሜሪካ ሞንታና ሰው ነው። በ1940ዎቹ መጨረሻ (በፈረንጆቹ) የልብ ምትን ከተኛ ሰው ሳይሆን ከሚንቀሳቀስ ሰው ለመመዝገብ የሠራው የመጀመሪያው መሣሪያ 38 ኪሎ ገደማ ነበር፤ ጀርባ ላይ ታዝሎ ነው የተሞከረው። ሥራው በሳይንስ መጽሔት የወጣው እ.ኤ.አ. በ1961 ነው። «ግማሽ ኩንታል ሊሞላ ምን ቀረው!» አለች፤ ከዚያ በኋላ ስለ ሣጥኗ አላማረረችም።

ውጤቱ ፔስሜከር ያስፈልጋታል የሚል ሆነ። ፔስሜከር ከአንገት አጥንት ሥር ቆዳ ውስጥ የሚቀበር፣ ልብ ስትዘገይ ወይም ስትቆም አይቶ ትንሽ የኤሌክትሪክ ግፊት የሚልክ መሣሪያ ነው። ባትሪው ለዓመታት ይቆያል፤ ሲያልቅ በትንሽ ቀዶ ሕክምና ይቀየራል።

ከመተከሉ በፊት የጠየቅነው ጥያቄ እስከ ዛሬ ይጠቅመናል፦ «ይህን ማን ያነብበዋል?» እያንዳንዱ አምራች የራሱ የማንበቢያና የማስተካከያ ኮምፒውተር አለው፤ የአንዱን ፔስሜከር የሌላው ማሽን አያነብበውም። የሚተከለው የማን ሥሪት እንደሆነ፣ ማንበቢያው የትኛው ሆስፒታል እንዳለ፣ ክትትሉ በየስንት ጊዜ እንደሆነ አስቀድማችሁ ካላወቃችሁ፣ ሰውነታችሁ ውስጥ የሚቆጥረውን የሚያይ ሰው ሳይኖር ልትቀሩ ትችላላችሁ። እኛ ማሽኑ አዲስ አበባ መሆኑን አውቀን፣ የመንገዱንም ወጪ አስበን ነው የገባንበት። አንዳንዶቹ ሥሪቶች ቤት በሚቀመጥ አስተላላፊ ምዝገባቸውን ለሐኪም ከሩቅ ይልካሉ፤ እናቴ ጋ ያለው አይልክም። ስለዚህ ቀጠሮዋ አይዘለልም፤ ጤነኛ ብትመስልም ትሄዳለች።

የንስሐ አባቷ አንድ ነገር ጠየቁኝ፤ ብዙ ሰው ልቡ ውስጥ ይዞት አፍ አውጥቶ የማይጠይቀው ነው። «ልጄ፣ ቀኗ ሲደርስ ይህ ነገር ነፍሷን ይዞ ያስቸግራታል?» ሐኪሟን ጠየቅሁላቸው። አይይዝም። መሣሪያው ግፊት ይልካል እንጂ የሞተን የልብ ጡንቻ አያንቀሳቅስም። ይህን ስነግራቸው ፊታቸው ፈታ አለ፣ እናቴም አብራ ሰማች። የሕክምና ሰዎች ይህን ሳይጠየቁ ቢናገሩት ደስ ይለኛል።

ከተተከለ በኋላ ለመጀመሪያዎቹ ሳምንታት በዚያ በኩል ያለው ክንድ ከትከሻ በላይ አይነሣም፤ ከልብ የገባው ሽቦ እንዳይነቀል ነው። ለገጠር ሴት ይህ ማለት ውኃ መሸከም፣ እንጨት መልቀም፣ ሊጥ ማቡካት፣ ምጣድ ማንሣት የለም ማለት ነው። እሺ ትላችኋለች፤ ዘወር ስትሉ ትነሣለች። ሥራውን የሚይዝ ሰው ቤት ውስጥ ካላስቀመጣችሁ ምክሩ ባዶ ነው። ስልክ ደግሞ መሣሪያው ካለበት በኩል በኪስ ወይም በጡት መያዣ ውስጥ አይቀመጥ፤ አንድ ስንዝር ያህል ይራቅ፣ ሲናገሩም በሌላኛው ጆሮ ይሁን። ብዙ እናቶች ስልካቸውን እዚያ ስለሚያስቀምጡ ይህን ደጋግሜ እናገራለሁ።

አሁን ወደ ወንድሜ ልምጣ።

በደቡብ ድንበር በኩል አሜሪካ የገባ ጥገኝነት ጠያቂ ነው። ይዘውት ቆይተው ሲለቁት እግሩ ላይ ጂፒኤስ ያለበት መቆጣጠሪያ አሠሩለት። እዚያ ያሉት ልጆች አንክል ሞኒተር ይሉታል። ለእኛ አልነገረንም። በቪዲዮ ሲደውል ፊቱን ብቻ ነው የሚያሳየው። አንድ ቀን እናቴ «እስቲ የምትተኛበትን አሳየኝ» አለችው። ስልኩን ሲያዞር ከግድግዳው የወጣ ጥቁር ገመድ ወለሉን አቋርጦ ሄዶ ቁርጭምጭሚቱ ላይ ተሰክቶ አየን። እግሩ ቻርጅ እየተደረገ ነው። እናቴ ጮኸች፦ «ልጄን በእግር ብረት አስረውታል!»

ያን ሰሞን ቤታችን ለቅሶ ቤት ሆኖ ሰነበተ። እግር ብረት በእኛ አገር ምን እንደሆነ ሁሉም ያውቃል። ጎረቤት «ምን ቢያጠፋ ነው?» ማለት ጀመረ። አጎታችን የድሮውን የሸንጎ ሥርዓት የሚያውቁ ሽማግሌ ናቸው፤ ከሳሽና ተከሳሽ ነጠላቸው ተቋጥሮ ዳኛ ዘንድ የሚሄዱበትን ዘመን ከአባታቸው ሰምተዋል። እሳቸው ያሉት ቃል እስከ ዛሬ ከጆሮዬ አልጠፋም፦ «ዋስ የሚሆነው ሰው አጥቶ ነው እግሩን ዋስ ያደረጉት?» ነገሩ በትክክል እንዲያ ነው። እዚህ ቢሆን አንድ የሚያውቀው ሰው ቆሞ «በቀጠሮው አቀርበዋለሁ» ይላል። እዚያ የሚያውቀው የለም፤ በዋሱ ቦታ መሣሪያው ገባ።

ከጠበቃው የተረዳሁትን ለቤተሰብ ሁሉ አስረዳሁ፤ ለእናንተም ይጠቅማልና ልድገመው። የኢሚግሬሽን ጉዳይ የወንጀል ክስ አይደለም። መሣሪያው የተፈረደበት ሰው ምልክት አይደለም፤ ጉዳዩ በፍርድ ቤት እስኪታይ በቀጠሮው መቅረቡን ለማረጋገጥ የሚደረግ ነው። ያለ እሱ ያለው አማራጭ ብዙ ጊዜ እስር ቤት መቆየት ነው። ይህን ስትሰሙ ሐዘኑ ባይጠፋም እፍረቱ ይቀላል፤ እፍረቱ ደግሞ ከመሣሪያው የባሰ ነበር።

አሠራሩ እንዲህ ነው። መሣሪያው ከሳተላይት ያለበትን ቦታ ያውቅና በሞባይል ኔትወርክ ወደ ተቆጣጣሪዎቹ ይልካል። ማሰሪያው ቢቆረጥ ወይም ቢሳብ ወዲያው ያስታውቃል። ጂፒኤስ የሌለው ቀለል ያለ ዓይነትም አለ፤ ቤት ከሚቀመጥ ሣጥን ጋር በሬዲዮ እየተገናኘ ሰውዬው በተባለው ሰዓት ቤቱ መሆን አለመሆኑን ብቻ ይናገራል። የመጠጥ ክልከላ ለተጣለባቸው ሰዎች ደግሞ በየግማሽ ሰዓቱ በላብ ውስጥ አልኮል መኖሩን የሚለካ አለ።

ታሪኩን ስመለከት አንድ ነገር ከንክኖኛል። እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ ሐሳቡን የጀመሩት በሃርቫርድ የነበሩ መንትያ ወንድማማቾች፣ ሽዊትዝገብሎች፣ ያሰቡት ጥፋት ያለባቸውን ወጣቶች ለመቅጣት አልነበረም። በቀጠሯቸው ቦታ በሰዓቱ ሲገኙ ለማበረታታት ነበር። የዛሬውን መልክ የያዘው እ.ኤ.አ. በ1983 በኒው ሜክሲኮ አልበከርኪ ነው፤ ጃክ ላቭ የሚባሉ ዳኛ የሸረሪት ሰው ካርቱን ላይ ያዩትን የእጅ መከታተያ መሠረት አድርገው አሠርተው በቅጣት ቦታ ተጠቀሙበት። ማበረታቻው ወደ ኋላ ቀረ፤ ቁጥጥሩ ቀጠለ። ይህ ያሳዝነኛል። ነገር ግን በጅምላ አልኮንነውም። በስፔን እ.ኤ.አ. ከ2009 ጀምሮ ሚስቱን ወይም ፍቅረኛውን እንዳይቀርብ የታገደ ሰው እንዲህ ያለ መሣሪያ ሊታሰርለት ይችላል፤ ወደ እሷ ሲጠጋ ለእሷም ለፖሊስም ማስጠንቀቂያ ይደርሳል። ስንት ሴት «አትቅረባት» የሚል ወረቀት በእጇ ይዛ እየተደበደበች እንደሆነ ለሚያውቅ ሰው ይህ ትንሽ ነገር አይደለም። በጥሞና ማየት ያለብን መሣሪያው ማንን እንደሚጠብቅ ነው።

ወንድሜን በዕለት ኑሮው ያስቸገረው ቻርጅ ነበር። በቀን ሁለት ሰዓት ገደማ ግድግዳ ሥር መቀመጥ አለበት። ተኝቶ ማድረግ አይመከርም፤ ገመዱ ሲነቀል አያውቅም፣ ጠዋት ባትሪው ያልቃል፣ ይደወልለታል። በመጨረሻ ከሥራ ሲመለስ ራቱን እየበላና ከእኛ ጋር እያወራ የሚያደርግበትን ሰዓት ለየ። የሌሊት ሥራው ዕቃ ማከማቻ ምድር ቤት ውስጥ ስለሆነ የሳተላይት ምልክት ይጠፋበታል፤ ተቆጣጣሪው ደውሎ «የት ነህ?» ይለዋል። መፍትሔው የሥራ ቦታውን አድራሻ፣ የሥራ ሰዓቱንና የአሠሪውን ደብዳቤ በጽሑፍ ማስገባት ሆነ። በአፍ የተነገረ ነገር ተቆጣጣሪ ሲቀየር ይጠፋል። የደወሉበትን ቀን፣ ያነጋገራችሁትን ሰው ስም፣ የተባላችሁትን ጻፉ።

ቆዳው ቆስሎ ነበር። ማሰሪያው ሥር አንድ ጣት የሚያስገባ ክፍተት ሊኖር ይገባል፤ እግር ሲያብጥ ያ ክፍተት ይጠፋል። ሲታጠቡ ሥሩን ማጠብና በደንብ ማድረቅ፣ ቁስል ሲጀምር ፎቶ አንሥቶ ሐኪም ማየትና የሐኪሙን ወረቀት ለተቆጣጣሪው መስጠት። በራስ እጅ ማሰሪያውን መቁረጥ ወይም ማላላት ግን ጉዳዩን የሚያበላሽ ነገር ነው። ምንም ያህል ቢያምም አትንኩት።

ለእኔ ከሁሉ የከበደኝ ሌላ ነው። ቤተ ክርስቲያን መሄድ አቁሞ ነበር። ጫማ አውልቆ መግባት አለበት፤ ሲያወልቅ ይታያል። በቅዳሴ መሐል ባትሪው ቀንሶ ቢጮኽስ? እናቴ ይህን ስትሰማ ከእግር ብረቱ ይልቅ ያለቀሰችው ለዚህ ነው። በኋላ እዚያ ያሉ ካህን ደውለውለት፣ «ባትሪውን ሞልተህ ና፤ እኔ አጠገቤ አቆምሃለሁ» አሉት። ሄደ። አንድም ሰው እግሩን አላየም፤ ቢያይም አልተናገረውም። እንዲህ ያለ ዘመድ ያላችሁ ከሆነ ከሰው እንዳይርቅ በርቱ። እየተደበቀ መኖሩ ነው የሚሰብረው።

የሁለቱ መሣሪያዎች ነገር በአንድ ቀን የተገናኘበት ጊዜም አለ። ወንድሜ ሥራ ላይ ተንሸራትቶ ጉልበቱ ተጎዳ፤ ሐኪም ኤምአርአይ አዘዘ። ኤምአርአይ በኃይለኛ ማግኔት የሰውነትን ውስጥ የሚያሳይ ማሽን ነው፤ አንክል ሞኒተር ታስሮ አይገባበትም። ተቆጣጣሪው ፈቅዶ በቀጠሮ ካልተፈታለት ምርመራው የለም። የሐኪሙን ትእዛዝ ለጠበቃው ልኮ፣ ጠበቃው በጽሑፍ ጠይቆ ነው የተፈታለትና ተመልሶ የታሰረለት። በዚሁ ሳምንት የእናቴን ሐኪም ስጠይቅ ፔስሜከር ያለበት ሰውም ለኤምአርአይ ሲታዘዝ መሣሪያው የሚችል ዓይነት መሆኑ መጣራት እንዳለበት ነገረችኝ። ማንኛውም ምርመራ ሲታዘዝላችሁ ሰውነታችሁ ላይ ወይም ውስጥ ያለውን ነገር ሳይጠየቁ ተናገሩ።

ስለ ገንዘብ ደግሞ። ወንድሜ የታሰረለት የመንግሥት ስለሆነ ኪራይ አልተጠየቀም። በወንጀል ጉዳይ ግን በብዙ የአሜሪካ ግዛቶች ባለጉዳዩ ራሱ ለመሣሪያው በየቀኑ ወይም በየወሩ ይከፍላል። ከዚህም ሌላ እስር ላይ ላለ ስደተኛ የዋስ ገንዘብ አስይዘው፣ የራሳቸውን መሣሪያ አሥረው በየወሩ የሚያስከፍሉ የግል ድርጅቶች አሉ። ዘመድ ለማስፈታት ስትጣደፉ እንዲህ ያለ ውል ይቀርብላችኋል። ወርኃዊው ክፍያ ከዋናው ዕዳ ይቀነስ እንደሆነና እስከ መቼ እንደሚቆይ በሚገባችሁ ቋንቋ ሳይነበብላችሁ አትፈርሙ።

ወንድሜ እንዲህ እየተጠበቀ ሳለ እናታችንን ከዚያ ሆኖ መጠበቅ ፈለገ። ስማርት ሰዓት፣ የደም ግፊት መለኪያና በጣት የሚደረግ የኦክስጅን መለኪያ ላከልን። ሰዓቱ የልብ ምቷን በስልክ በኩል ይልክለታል፤ እሱ ጠዋት ሲነሣ ያየዋል። መልካም ነበር፣ ኔትወርክ እስኪቋረጥ ድረስ። እኛ ጋ ኔትወርክ ሲጠፋ እሱ ጋ ቁጥሩ ይቆማል። ቁጥር ሲቆም ሞታለች ብሎ ያስባል። ሥራ ጥሎ ሲደውል፣ ስልክ አልገባ ሲለው፣ ያገኘውን የጎጃም ሰው ሁሉ ሲያስጨንቅ አደረ። እሷ በሰላም ተኝታለች። ተቆጣጣሪው የእሱ ምልክት ሲጠፋ የሚያደርገውን እሱም ለእሷ አደረገ። ከዚያ በኋላ ተስማማን፤ ቁጥሩ ቢጠፋ የመጀመሪያው ግምት የኔትወርክ ወይም የመብራት ይሁን፣ የሚደወልላቸው ሁለት ጎረቤቶች ይኑሩ፣ እነሱም አጠገቧ ሄደው የራሷን ድምፅ ያሰሙት። ሰዓቱን ከመግዛታችሁ በፊት ይህን ስምምነት አድርጉ። ስማርት ሰዓት የሆልተር ምትክ እንዳልሆነም እወቁ፤ ፍንጭ ይሰጣል እንጂ ሐኪም የሚወስንበት ምርመራ አይደለም።

የኦክስጅን መለኪያዋም አስደንግጣው ነበር። 93 አለች፤ እሱ ያነበበው ወረቀት ደግሞ 95 እና ከዚያ በላይ ይላል። ማርቆስ ወደ 2,400 ሜትር ከፍታ ላይ ናት፤ ደጋ ላይ ጤነኛ ሰውም ከባሕር ጠረፍ ሰው ትንሽ ዝቅ ያለ ቁጥር ሊያሳይ ይችላል። ዋናው የራሷን የደህና ቀን ቁጥር አውቆ ከዚያ መውረዱን ማየት ነው። መሣሪያዋ ቀይና ኢንፍራሬድ ብርሃን በጣት ውስጥ አሳልፋ ነው የምትለካው፤ መሠረቱን የጣሉት ጃፓናዊው ታኩኦ አዮያጊ ናቸው፣ እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ። ስለዚህ ጣቱ ከቀዘቀዘ፣ ከተንቀጠቀጠ ወይም ጥፍሩ ቀለም ከተቀባ ልትሳሳት ትችላለች። እንሶስላ የሞቀች ሴት ከሆነች ያልተነከረ ጣት ፈልጉ። ሌላው ለእኛ የሚያሳስበው፣ እ.ኤ.አ. በ2020 በአሜሪካ የታተመ ጥናት በጥቁር ሕመምተኞች ላይ መሣሪያው ኦክስጅኑ ዝቅ ብሎ ሳለ ደህና ነው እያለ የሚያሳልፈው ከነጮቹ በሦስት እጥፍ ገደማ እንደሚበልጥ ማሳየቱ ነው። ሰውዬው ትንፋሽ እያጠረው፣ ከንፈሩ እየጠቆረ ቁጥሩ ደህና ቢል፣ ሰውዬውን እመኑ፤ ይዛችሁት ሂዱ።

የደም ግፊት መለኪያ ደግሞ ከምታስቡት በላይ በአለካክ ይሳሳታል። አምስት ደቂቃ አርፋ፣ ጀርባዋን ተደግፋ፣ እግሯን ሳታነባብር፣ ክንዷ በልቧ ትክክል ሆኖ፣ ሳትናገር። ቡና ከጠጣች ቢያንስ ግማሽ ሰዓት ይቆይ። በእኛ ቤት ቡናው መሐል እየለኩ «ከፍ አለ!» ማለት ልማድ ሆኖ ነበር።

ዛሬ ወንድሜ አንክል ሞኒተሩ ተፈትቶለታል። ቀጠሮ አለመቅረቱን፣ አድራሻ ሲቀይር ማሳወቁን፣ መሥራቱን የሚያሳይ ወረቀት አሰባስቦ በጠበቃው በኩል እንዲቀየርለት ጠየቀ፤ መጀመሪያ ተከለከለ፣ ደግሞ ጠየቀ፣ ተፈቀደለት። አሁን በተቀጠረው ቀን በስልክ መተግበሪያ የራሱን ፎቶ እያነሣ ይልካል። የጥገኝነት ጉዳዩ ገና አልታየም። ጠይቁ፤ ሳይጠየቅ የሚፈታ ብዙ አይደለም።

እናቴ ከዚያ ወዲህ አልወደቀችም። የፔስሜከሯ ካርድ ከመታወቂያዋ ጋር ነው የሚቀመጠው፤ የአምራቹ ስም፣ ሞዴሉ፣ የተተከለበት ቀን አለበት። ካርዱንና የሆልተሩን ውጤት ፎቶ አንሥቼ ለወንድሜም ለእህቴም ልኬያለሁ፤ አንድ ጊዜ ድንገት ጤና ጣቢያ ስትገባ ስልክ ላይ የነበረችው ያቺ ፎቶ ናት ሥራውን ያቀለለችው። የእናንተንም ዛሬውኑ አንሡት፤ ኔትወርክ ሲጠፋም እንዲከፈት ስልኩ ላይ አስቀምጡት፣ አንድ የታተመ ኮፒ ደግሞ ቤት ውስጥ ሁሉም በሚያውቀው ቦታ ይኑር።